ስለ ከተማ ቤት፤ ከኪኩቦና ከኪሴኒ የሚገኝ ትምህርት

ለሰው ልጅ ኑሮ በመጀመሪያ የሚያስፈልጉት ምግብ፥ ልብስና ቤት መሆናቸውን የማያውቅ የለም። ከሦስቱ ግን ቤት የራሱ የሆነ ጠባይ አለው። እህል ከሩቅ አገር ተጭኖ ሊመጣ ይችላል፤ ልብስም እንደዚሁ። ቤት ግን ከቆመበት ስፍራ አይነሣም። ስለዚህ የቤት ዋጋ ሲባል የግድግዳውና የጣራው ዋጋ ብቻ አይደለም፤ ቤቱ ከሥራ፥ ከገበያ፥ ከውሃና ከትምህርት ቤት ያለው ርቀትም የዋጋው ክፍል ነው። ኪራዩ ርካሽ የሆነ ቤት፥ ወደ ሥራ ለመሄድ በየቀኑ የመኪና ዋጋ የሚያስከፍል ከሆነ፥ ርካሽነቱ በስም ብቻ ይቀራል።

ይህንን ነገር በምሳሌ ለመረዳት የዩጋንዳን ዋና ከተማ ካምፓላን መመልከት ይጠቅማል። በዚያ አገር የድሃ ሰፈር ነዋሪዎች ራሳቸው ማኅበር አቁመው፥ አቅማቸው የሚችለውና እንደየኑሮአቸው ዓይነቱ የተለያየ ቤት እንዲኖር ሲጠይቁ ቆይተዋል። ከጠየቁት ከፊሉን አግኝተዋል፤ ከፊሉም አምልጦአቸዋል። ያገኙትም ያመለጣቸውም ለከተማ ነዋሪና ለከተማ ሹም እኩል ያስተምራል። በዚህ ጽሑፍ ውስጥ የውጭ አገር ታሪክ ዘመን እንደ አውሮፓ አቆጣጠር፥ የኢትዮጵያ ግን በዓመተ ምሕረት ተጽፎአል።

1ኛ፤ ኪኩቦና ጎረቤቱ

ካምፓላ በኮረብቶች ላይና በኮረብቶቹ መካከል ባለው ረግረግ ዳር የተሠራች ከተማ ናት። በ2024 በተደረገው የሕዝብ ቆጠራ በከተማይቱ ክልል ውስጥ የሚኖረው ሕዝብ ወደ 1.8 ሚሊዮን ይጠጋ ነበር። ቀን ቀን ግን ከአካባቢው ወረዳዎች ለሥራና ለንግድ የሚገባው ሰው ሲጨመር ቍጥሩ ከዚህ በብዙ ይበልጣል።

በከተማይቱ መካከል፥ ከታክሲ ማቆሚያዎቹና ኦዊኖ ተብሎ ከሚታወቀው ከቅዱስ ባሊኩዴምቤ ገበያ ብዙ ሳይርቅ፥ ኪኩቦ የሚባል የንግድ ሰፈር ይገኛል። ቃሉ በሉጋንዳ ቋንቋ ጠባብ መተላለፊያ ማለት ነው፤ ስሙም ከቦታው ጋር ይስማማል። ሳሙና፥ ስኳር፥ ዘይት፥ ጨርቃ ጨርቅና የቤት ዕቃ በጅምላ የሚሸጠው በዚህ ነው። ከዩጋንዳ አውራጃዎች ብቻ ሳይሆን ከደቡብ ሱዳንና ከኮንጎም ነጋዴዎች እየመጡ ይሸምታሉ። መንገዱ ጠባብ ስለሆነ ዕቃው ከመኪና ወደ መጋዘን፥ ከመጋዘንም ወደ መኪና የሚደርሰው በአብዛኛው በሰው ትከሻና ራስ ነው።

እንግዲህ ኪኩቦ የሚቆመው በባለሱቆቹ ገንዘብ ብቻ አለመሆኑ ግልጽ ነው። ጎሕ ሳይቀድ መጥተው ጭነት የሚያወርዱ ወዛደሮች፥ ምግብ አብስለው የሚሸጡ ሴቶች፥ ጠራጊዎችና ዘበኞች ያስፈልጉታል። እነዚህ ሰዎች የሚያገኙት ገንዘብ የዕለት ነው፤ ሥራ ሲኖር ይበላሉ፥ ሥራ ሲጠፋ ይቸገራሉ። ለመኪና የሚከፍሉት ስለማይተርፋቸው፥ በእግር ደርሰው በእግር የሚመለሱበት ማደሪያ ያስፈልጋቸዋል።

ለብዙዎቹ ይህ ማደሪያ ኪሴኒ ነው። ኪሴኒ ከገበያው አጠገብ፥ ከመንጎ ኮረብታ ሥር ያለ ሰፈር ሲሆን፥ የስሙም ትርጓሜ ረግረግ ማለት ነው። የእህል ወፍጮዎች፥ የብረታ ብረት መሥሪያዎችና ከሶማሊያ የመጡ ብዙ ስደተኞች የሚገኙበት፥ ሥራና ማደሪያ ሳይለያዩ የሚኖሩበት ስፍራ ነው። ሰፈሩ ዛሬ የተፈጠረ አይደለም። በ1950ዎቹ ሳውዞልና ጉትኪንድ የተባሉ ሁለት የማኅበራዊ ኑሮ ተመራማሪዎች ኪሴኒንና ሙላጎን አጥንተው መጽሐፍ አውጥተው ነበር። በዚያን ጊዜ ኪሴኒ ከካምፓላ ማዘጋጃ ቤት ክልል ውጭ፥ ኪቡጋ በተባለው በቡጋንዳ መንግሥት መቀመጫ አስተዳደር ሥር ነበር። ማዘጋጃ ቤቱ ሠራተኛውን ቀን ቀን ይጠቀምበት ነበር፤ ሲመሽ ግን ሠራተኛው ወሰኑን ተሻግሮ ያድራል። ስለዚህ ለሠራተኛው ቤት የማሰብ ግዴታ የማን እንደሆነ በሚገባ ሳይለይ ዘመን አለፈ። በኋላ ወሰኑ ተነሥቶ ሁለቱ ከተሞች አንድ ቢሆኑም፥ ቀድሞ ያልተዘረጋው የውሃና የፍሳሽ መሥመር ወሰኑ በመነሣቱ ብቻ የሚዘረጋ አልሆነም።

በኪሴኒና በመሰሎቹ ሰፈሮች በብዛት የሚታየው ቤት ሙዚጎ ይባላል። ሙዚጎ በአንድ ጣራ ሥር በተርታ ከተሠሩት ክፍሎች አንዱ ሲሆን፥ በዚያች በአንዲቱ ክፍል ቤተሰቡ ያበስልባታል፥ ይበላባታል፥ ይተኛባታል። መጸዳጃው ለብዙ ቤተሰብ የጋራ ነው። ዝናብ ሲበዛ የናኪቩቦ ቦይ ሞልቶ ዝቅተኛውን ስፍራ ያጥለቀልቃል። ይህም ሆኖ ሙዚጎ ተከራይ አያጣም፤ ምክንያቱም ለሥራ ቅርብ ነው፥ ኪራዩም ከሌላው ያንሳል። ሙዚጎን አፍርሶ በምትኩ ሌላ ለመትከል የሚያስብ ሹም ሁሉ እነዚህን ሁለት ምክንያቶች አስቀድሞ ሊያስብባቸው ይገባል።

2ኛ፤ ቤት የሚወደድበት ምክንያት

በካምፓላ ደኅና ቤት በትንሽ ገንዘብ የማይገኝበት ምክንያት ብዙ ነው፤ ዋና ዋናዎቹ ግን ሦስት ናቸው።

የመጀመሪያው የመሬት ሥሪት ነው። በ1900 እንግሊዞች ከቡጋንዳ መሳፍንት ጋር ባደረጉት ውል፥ መሬቱ ለንጉሡ፥ ለመኳንንቱና ለሌሎች ባለመብቶች በካሬ ማይል እየተለካ ተከፈለ። ማይሎ የተባለው የርስት ዓይነት ስሙን ያገኘው ከዚህ ነው። በመሬቱ ላይ የሚኖረው ገበሬ ግን ኪባንጃ የተባለውን ይዞታ ይዞ ቀረ፤ ለባለ መሬቱም ግብር ይከፍል ነበር። በ1928 የወጣው ሕግ የግብሩን ልክ ወሰነ። በ1975 የኢዲ አሚን መንግሥት መሬትን ሁሉ የመንግሥት አደረገ። የ1995 ሕገ መንግሥት መሬትን ለዜጎች መልሶ፥ ማይሎን ጨምሮ አራት ዓይነት የመሬት ሥሪት እንዲኖር ፈቀደ። በ1998 የወጣውና በ2010 የተሻሻለው የመሬት ሕግ ደግሞ የኪባንጃ ባለይዞታ ግብሩን እስከ ከፈለ ድረስ በቀላሉ እንዳይነቀል ከለላ ሰጠው።

ከዚህ የተነሣ ዛሬ በአንድ መሬት ላይ ሁለት ባለመብት ሊገኝ ይችላል። ባለ መሬቱ ባለይዞታውን ሳያስነሣ ሊሠራበት አይችልም፤ ባለይዞታውም የርስት ደብተር ስለሌለው ከባንክ ተበድሮ የጸና ቤት ለመሥራት ይቸገራል። ስለዚህ በጥቂት ገንዘብ በችኮላ ሙዚጎ ሠርቶ ማከራየት ለባለይዞታው ይሻለዋል። ሁለቱ በመሬቱ ሲካሰሱ ከነርሱ ሌላ ሦስተኛ ሰው አለ፤ ይኸውም ተከራዩ ነው። በሰፈሩ ውስጥ በቍጥር የሚበልጠው እርሱ ሆኖ ሳለ፥ በክርክሩ ስሙ የማይነሣ እርሱ ብቻ ነው።

ሁለተኛው ምክንያት የሕንፃ ደንብ ነው። ከቅኝ አገዛዝ ዘመን የወረደው ደንብ የቦታውን ስፋት፥ የግድግዳውን ዓይነትና የክፍሉን ልክ ሲወስን፥ በዓሳቡ የነበረው ባለ ደመወዙ ሰው ነበር። ደንቡን የሚያሟላ ቤት በዕለት ገቢ የሚኖር ሰው ሊሠራ አይችልም፤ እርሱ የሚሠራውም ቤት ደንቡን አያሟላም። በዚህ ምክንያት ድሃው ቤት ሲሠራ ወዲያውኑ ሕገ ወጥ ይባላል። ሕገ ወጥ የተባለ ቤት ደግሞ ውሃም የፍሳሽ መሥመርም በሚገባ አይገባለትም፤ ባለቤቱም ነገ ይፈርስብኛል በማለት አያድሰውም።

ሦስተኛው የገንዘብ ነገር ነው። ባንክ የሚያበድረው የወር ደመወዝና የርስት ደብተር ላለው ነው። የኪኩቦ ወዛደርና የምግብ ሻጭ ሁለቱም የላቸውም። ነጋዴው ቤት ሠርቶ ለመሸጥ ሲያስብ ብድር ለሚያገኘው ለባለጸጋው ይሠራል። ስለዚህ በከተማይቱ ውስጥ ሁለት ዓይነት ቤት ብቻ ይበዛል፤ በአንድ ወገን ቪላውና ፎቁ፥ በሌላው ወገን ሙዚጎው። በሁለቱ መካከል የሚሆን ቤት፥ ይኸውም ሁለት ክፍልና የራሱ መጸዳጃ ያለው፥ ወይም ባለቤቱ በየጊዜው እየጨመረ የሚያሰፋው ቤት፥ እንደ ልብ አይገኝም። ከሙዚጎ ወጥቶ ትንሽ ለመሻሻል የሚፈልግ ቤተሰብ የሚወጣበት ደረጃ ጎድሎበታል ማለት ነው።

3ኛ፤ ነዋሪዎቹ የጀመሩት ሥራ

ይህንን ችግር ለማቃለል ነዋሪዎች ራሳቸው የጀመሩት ሥራ መነሻው ከሩቅ አገር ነው። በ1974 በሕንድ አገር በቦምቤይ ከተማ፥ ጆኪን አርፑታም በተባለ ሰው አስተባባሪነት የድሃ ሰፈር ነዋሪዎች ብሔራዊ ፌዴሬሽን ተቋቋመ። ማኅበሩ በመጀመሪያ ቤት እንዳይፈርስ በመከላከል ላይ ነበር። ቆይቶ ግን መከላከል ብቻውን ቤት እንደማይሆን ተረዳ። በ1985 በቦምቤይ በመንገድ ዳር የሚያድሩት ሰዎች እንዲቆጠሩ ተደረገ፤ ከዚያ በፊት በመንግሥት መዝገብ ያልነበሩት ሰዎች በዚህ ቆጠራ ስም፥ ሥራና ቤተሰብ ያላቸው ሆነው ታዩ። በ1996 ከሕንድ፥ ከደቡብ አፍሪካና ከሌሎችም አገሮች እንዲህ ያሉት ማኅበሮች ተባብረው ዓለም አቀፍ ኅብረት አቆሙ።

በ2002 ይኸው አሠራር ወደ ዩጋንዳ ገባና የዩጋንዳ የድሃ ሰፈር ነዋሪዎች ብሔራዊ ፌዴሬሽን ተመሠረተ። ከመጀመሪያዎቹ የሥራ ስፍራዎች አንዱ ኪሴኒ ነበር። በ2006 ደግሞ ለፌዴሬሽኑ የሙያ እርዳታ የሚሰጥ አክቱጌዘር የተባለ ድርጅት ተቋቋመ። የፌዴሬሽኑ አሠራር በአራት ነገሮች ላይ የቆመ ነው።

ሀ/ ቁጠባ። ጎረቤታሞች በትንሽ በትንሽ ቡድን ሆነው፥ ከዕለት ገቢያቸው የቻሉትን እያወጡ ያጠራቅማሉ። ገንዘቡ የዕለት ስለሆነ ቁጠባውም በዕለት መሆኑ አስተዋይነት ነው፤ ወር እስኪሞላ የሚቆይ ገንዘብ በድሃ ቤት አይገኝምና። ከተጠራቀመው ለአባላት ብድር ይሰጣል። በዚህ ቁጠባ የሚጠቀሙት ከሁሉ ይልቅ ሴቶች ናቸው። ቤት ለመሥራት የሚበቃ ገንዘብ በዚህ መንገድ ቶሎ ባይገኝም፥ ከገንዘቡ የሚበልጥ ሌላ ነገር ይገኛል፤ ይኸውም መተማመንና የሒሳብ ልማድ ነው። በቡጋንዳ ለሐዘንና ለችግር የሚረዳዳበት ሙኖ ሙካቢ የሚባል ማኅበር ከዱሮ ጀምሮ አለ፤ ትርጓሜውም የችግር ቀን ወዳጅ ማለት ነው። ከኢትዮጵያ እድርና እቁብ ጋር ያለው ዝምድና ለአንባቢ ግልጽ ነው። አዲሱ ቁጠባ በዚህ በአሮጌው ልማድ ላይ በመቆሙ ለሕዝቡ እንግዳ አልሆነበትም።

ለ/ ቆጠራ። ነዋሪዎች ራሳቸው ከቤት ወደ ቤት እየዞሩ፥ ማን በየት እንደሚኖር፥ ባለይዞታ ይሁን ተከራይ፥ ምን እንደሚሠራ፥ ውሃ ከየት እንደሚቀዳ ይመዘግባሉ። ፌዴሬሽኑ ከአክቱጌዘር ጋር በካምፓላ በአምስቱም ክፍላተ ከተማ፥ ማለትም በማዕከላዊ፥ በካዌምፔ፥ በማኪንድዬ፥ በናካዋና በሩባጋ፥ የድሃ ሰፈሮችን ሁኔታ መዝግቦአል። ቆጠራው ባለመብቱንና ተከራዩን አንድነት ስለሚጽፍ፥ በመሬት ክርክር ስሙ የማይነሣው ሦስተኛው ሰው በዚህ መዝገብ ስሙ ይገኛል።

ሐ/ ካርታ። ከቆጠራው ጋር ቤቶቹ፥ መንገዶቹ፥ የውሃ ቧንቧዎቹና መጸዳጃዎቹ በካርታ ይነሣሉ። ማዘጋጃ ቤት በካርታው ላይ ባዶ አድርጎ የተወው ስፍራ በሰው የተሞላ መሆኑ በዚህ ይታወቃል።

መ/ መጎብኘትና መደራደር። የአንዱ ከተማ ነዋሪዎች ወደ ሌላው ሄደው የተሠራውን ይመለከታሉ። ከዚያም በእጃቸው ባለው መዝገብና ካርታ ከሹማምንት ጋር ይነጋገራሉ። ባዶ እጁን ለአቤቱታ የሚመጣ ሰው አድምጦ ለማሰናበት ቀላል ነው፤ ቍጥር ይዞ የመጣውን ግን በቍጥር መመለስ ያስፈልጋል።

በዚህ አሠራር የተገኘው ፍሬ በዓይን የሚታይ ነው። በኪሴኒ የጋራ መጸዳጃና የማኅበር አዳራሽ ተሠራ፤ ለአገልግሎቱ የሚከፈለው ጥቂት ገንዘብ ለማጽጃና ለጥገና ይውላል። በጂንጃ ከተማ አባላቱ የሕንፃ ዕቃ የሚሠራበት ስፍራ አቋቁመው፥ ዋጋው ቀለል ያለ የወለልና የጣራ ዕቃ እያዘጋጁ ቤት ለመሥራት በቁ። መንግሥትም ከ2010 ጀምሮ በአሩዋ፥ በጂንጃ፥ በካባሌ፥ በምባሌና በምባራራ የድሃ ሰፈሮችን ለማሻሻል ባወጣው ፕሮግራም፥ ነዋሪውና ማዘጋጃ ቤቱ በአንድ ጠረጴዛ የሚቀመጡበት ጉባኤ በየከተማው እንዲቋቋም አደረገ። ከዚህም አስቀድሞ በ1980ዎቹ መጨረሻ፥ በዚያው በጂንጃ በማሴሴ ሰፈር፥ ሴቶች በዴንማርክ መንግሥት እርዳታ የግንባታ ዕቃውን በእጃቸው እያመረቱ ቤታቸውን ሠርተው ነበር።

ይህ ሁሉ ቢሆንም ሥራው ከችግሩ ጋር ሲመዛዘን ገና ትንሽ ነው። አንድ አዳራሽ ሰፈር አያሳድርም። የማኅበሩ ዋና ጥቅም ግን የሠራቸው ቤቶች ብዛት ሳይሆን፥ ስለ ቤት በሚደረገው ምክር ቤቱ የሚያስፈልገው ሰው ተቀማጭ መሆኑ ነው።

4ኛ፤ የናጉሩና የናካዋ ነገር

ምክርና ተስፋ ብቻውን የማይበቃ መሆኑን የሚያስረዳው የናጉሩና የናካዋ ታሪክ ነው። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ኤርንስት ማይ የተባለው ጀርመናዊ የከተማ ፕላን ሊቅ ለካምፓላ መስፋፊያ ፕላን አወጣ። በከተማይቱ ምሥራቅ በኩል በናጉሩና በናካዋ ለአፍሪካውያን ሠራተኞች የኪራይ ቤቶች ተሠሩ። ቤቶቹ ትንንሽ ቢሆኑም ኪራያቸው ዝቅተኛ፥ ስፍራቸውም ለከተማው ሥራ ቅርብ ነበር። በነዚያ ቤቶች ሦስት ትውልድ አደገባቸው።

ጊዜ ሲያልፍ ቤቶቹ አረጁ፥ መሬቱም ተወደደ። በ2007 መንግሥት በስፍራው ዘመናዊ ከተማ እንዲሠራ ከአንድ የግል ኩባንያ ጋር ተዋዋለ። ከ1,700 በላይ የሆኑት ተከራዮችም አዲሶቹ ፎቆች ሲሠሩ ለመግዛት ቅድሚያ እንዲሰጣቸው ተስፋ ተሰጣቸው። ተከራዮቹ ማኅበር አቁመው ተከራከሩ፤ ጉዳዩም ፍርድ ቤት ደረሰ። በ2011 ቤቶቹ ፈረሱ፥ ሰዎቹም ተበተኑ። ከፈረሱ በኋላ ግን ስፍራው ለብዙ ዓመት ሣር በቀለበት። ከ10 ዓመት በኋላም አብዛኛው መሬት ባዶ ነበር፤ ስለ መሬቱም ሌላ ክርክር ተነሣ። ተስፋ የተሰጣቸው ሰዎች ግን ዐሥር ዓመት ሜዳ ላይ ሊጠብቁ አይችሉምና በየድሃ ሰፈሩ ሙዚጎ ተከራይተው ገቡ። አንዱን ሰፈር ለማሳመር ተብሎ የተደረገው ነገር ሌሎቹን ሰፈሮች አጣበበ።

በዚህ ታሪክ ውስጥ ተከራዮቹ ተስፋ አላጡም ነበር፤ የጎደላቸው የተስፋው ቅደም ተከተል ነው። መጀመሪያ ማፍረስ፥ በኋላ መሥራት ተባለ። መጀመሪያ ከፊሉን ሠርቶ፥ ሰውን አስገብቶ፥ ከዚያ በኋላ ማፍረስ ቢባል ኖሮ፥ ኩባንያው ቢዘገይ እንኳ የሚዘገየው ሕንፃው እንጂ የሰው ማደሪያ አይሆንም ነበር።

ሌላው ምሳሌ ናሙዎንጎ ነው። በ1980ዎቹ መጨረሻ በዚህ ሰፈር መንገድና ውሃ ገብቶ፥ ቦታ እየተከፈለ ለነዋሪዎች ተሰጠ። ሥራው በራሱ መልካም ነበር። ነገር ግን ስፍራው ሲሻሻል ዋጋው ወጣ፤ ድሆቹም ቦታቸውን ለባለ ገንዘብ እየሸጡ ከአጠገቡ ወዳለው፥ በባቡር ሐዲዱ ዳር ወዳለው ረግረግ ወረዱ። ከዚህ የምንረዳው፥ ሰፈር ሲሻሻል ድሃው በሰፈሩ የሚቆይበት ዘዴ አብሮ ካልታሰበ፥ መሻሻሉ ለሌላ ሰው መሆኑን ነው።

በ2022 በዩጋንዳ የወጣው የአከራይና የተከራይ ሕግ ከዚህ ችግር አንዱን ክፍል ለማቃለል የታሰበ ነው። ኪራይ በዓመት ከመቶ 10 በላይ እንዳይጨመር፥ አከራይም ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ ተከራይን እንዳያስወጣ ይከለክላል። ሆኖም በወር ከ500,000 ሺሊንግ በታች ለሆነው ኪራይ የጽሑፍ ውል ግዴታ አልሆነም። የሙዚጎ ተከራይ በአብዛኛው ከዚህ በታች ስለሚከፍል፥ ውሉ በቃል ይቀራል፤ በቃል የቀረ ውልም በፍርድ ቤት ለማስረዳት አስቸጋሪ ነው። በካባላጋላና በካንሳንጋ ቤት ተከራይተው የሚኖሩት ኢትዮጵያውያንና ኤርትራውያንም ከዚህ ሕግ የሚጠቀሙት ውላቸውንና ደረሰኛቸውን በእጃቸው ሲያኖሩ ነው።

5ኛ፤ ከአዲስ አበባ ጋር ማነጻጸር

የኢትዮጵያ መንገድ ከዩጋንዳው የተለየ ነበር። ሐምሌ 19 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 47 የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤትን የመንግሥት አደረገ። የወር ኪራያቸው ከ100 ብር በታች የሆኑት ቤቶች በቀበሌ፥ ከዚያ በላይ የሆኑት በኪራይ ቤቶች ድርጅት ሥር ሆኑ። በዚህ አዋጅ ባለ መሬትና ባለይዞታ የሚካሰሱበት ነገር ተቆረጠ፤ ተከራዩም በትንሽ ኪራይ በመሃል ከተማ ለመኖር ቻለ። ይሁን እንጂ ኪራዩ ለጥገና የማይበቃ በመሆኑ ቤቶቹ በጊዜ ብዛት አረጁ፤ ጭቃው ፈረሰ፥ ጣራው አፈሰሰ። ኪራይ ሲወደድ ተከራዩን እንደሚጎዳ፥ ከመጠን በታች ሲሆንም ቤቱን ራሱን እንደሚጎዳ ከዚህ ይታያል።

በ1990ዎቹ አጋማሽ የተጀመረው የጋራ መኖሪያ ቤት ወይም ኮንዶሚኒየም ሥራ የቤትን ዓይነት ከማብዛት አንጻር ታላቅ እርምጃ ነበር። በአንድ ሕንፃ ውስጥ ስቱዲዮ፥ ባለ አንድ፥ ባለ ሁለትና ባለ ሦስት መኝታ ቤቶች አብረው ተሠሩ። ከመቶ 30 የሚሆነው ለሴቶች በተለይ ተመደበ፤ ቤቶቹም በዕጣ ተሰጡ። በ2005 ዓ.ም. በተደረገው ምዝገባ 10/90፥ 20/80ና 40/60 የተባሉ የቁጠባ ዓይነቶች ወጡ፤ እንደየገቢው መጠን ቤት ፈላጊውን ለመለየት ታስቦ ነበር። በዚያ ዓመት የተመዘገበው ሰው ከ900,000 የማያንስ መሆኑ የችግሩን ስፋት ያሳያል።

ነገር ግን በዚህም ላይ የኪኩቦ ጥያቄ ይነሣል፤ ይኸውም የርቀት ጥያቄ ነው። ሰፊ መሬት የተገኘው በከተማው ዳር ስለሆነ፥ በመሃል ከተማ በጉልት፥ በእንጀራ መሸጥና በቀን ሥራ የሚተዳደር ቤተሰብ ወደ ዳር ሲሄድ ቤት አግኝቶ ሥራውን ያጣል። የዕድርተኛው ዝምድናም ይላላል። ብዙ ዕድለኞች ቤታቸውን አከራይተው ራሳቸው በሌላ ስፍራ ተከራይተው መኖራቸው፥ የተሰጣቸው ቤት ከኑሮአቸው ጋር ያልተስማማ መሆኑን ያስረዳል። ይህም የሰዎቹ ጥፋት አይደለም፤ ቤቱን የሚያገኘው ሰው የቤቱን ስፍራና ዓይነት እንዲመርጥ አስቀድሞ ስላልተጠየቀ ነው።

በ2016 ዓ.ም. የወጣው የመኖሪያ ቤት ኪራይ ቁጥጥርና አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1320 ደግሞ የኪራይ ውል በጽሑፍ እንዲሆንና በመንግሥት ቢሮ እንዲመዘገብ፥ የውሉም ዘመን ከሁለት ዓመት እንዳያንስ ያዛል። በዩጋንዳ ሕግ የጎደለው የጽሑፍ ውል በዚህ ተገኝቶአል። የአዋጁ ጥቅም የሚለካው ግን አንድ ክፍል ቤት የተከራየችው ልብስ አጣቢ ውልዋን ለማስመዝገብ በመድፈርዋና ባለመድፈርዋ ነው።

6ኛ፤ የትምህርቱ ፍሬ

ከላይ ከተነገረው ሁሉ ለከተማ ሹምና ለነዋሪ የሚጠቅመው ትምህርት እንደሚከተለው ሊጠቃለል ይቻላል።

አንደኛ፥ ስለ ቤት ከመምከር አስቀድሞ ሰው ይቆጠር። ሲቆጠርም ባለቤቱ ብቻ ሳይሆን ተከራዩ፥ የተከራይ ተከራዩና ደባሉ ጭምር ይጻፍ። በመዝገብ ያልገባ ሰው በካሣም በምትክ ቤትም አይታሰብም። ቆጠራው ከነዋሪው ጋር ሲደረግ እውነቱ ይገኛል፤ ነዋሪው የፈራው ቆጠራ ግን ባዶ ቤትና የተደበቀ ሰው ያሳያል።

ሁለተኛ፥ ቤት አንድ ዓይነት ብቻ አይሁን። ለብቻው ለሚኖር ወዛደር ንጹሕ አንድ ክፍል፥ ለቤተሰብ ሁለት ክፍልና መጸዳጃ፥ ለሚችል ፎቅ፥ እያደር ለሚሠራ ደግሞ ውሃና መንገድ የገባለት ቦታ ያስፈልጋል። ሁሉንም ወደ ፎቅ አስገባለሁ የሚል ሹም ብዙዎቹን ወደ ረግረግ ይመልሳል።

ሦስተኛ፥ ምትኩ ሳይቆም ነባሩ አይፍረስ። የተሰጠው ተስፋም ቀን፥ ስፍራና ስም ያለበት ጽሑፍ ይሁን። የናጉሩና የናካዋ ሜዳ ይህንን ለማስረዳት ይበቃል።

አራተኛ፥ ገበያ ባለበት አጠገብ የሠራተኛ ማደሪያ ይጠበቅ። ነጋዴው ራሱ ይህንን ቢጠይቅ የሚጠይቀው ለራሱ ጥቅም ነው። ወዛደሩ ሁለት ሰዓት በመንገድ ከቆየ፥ ጭነቱም ሁለት ሰዓት ይቆያል፤ የመኪናው ዋጋ በመጨረሻ በሸቀጡ ዋጋ ላይ ይጨመራል።

አምስተኛ፥ ነዋሪው በማኅበር ይጠይቅ። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር እንዲሉ፥ አንድ ሰው ስለ አንድ ቤት የሚያቀርበው ማመልከቻ በመዝገብ ቤት ተኝቶ ይቀራል። እድሩ ድንኳንና ሳጥን ለመግዛት የሚያዋጣውን ገንዘብ በሒሳብ የሚይዝ እንደ መሆኑ፥ የሰፈሩን ቤቶች ለመቁጠርና ከማዘጋጃ ቤት ጋር ለመነጋገርም ይችላል። መጽሐፍ የሚያውቁት የሰፈሩ ልጆች ጸሐፊ ሊሆኑ ይችላሉ፤ የሰፈሩን ታሪክ የሚያውቁት ሽማግሌዎችና ባልቴቶች ምስክር ይሆናሉ።

ለውይይት የሚሆኑ ጥያቄዎች

1. በከተማችን ገበያ ጭነት የሚያወርዱትና ምግብ አብስለው የሚሸጡት ሰዎች የት ያድራሉ? ከሥራቸው እስከ ማደሪያቸው በእግር ስንት ሰዓት ያስኬዳል?

2. በሰፈሩ ውስጥ ባለቤቱ ስንት ነው? ተከራዩስ? ይህንን የሚያሳይ መዝገብ በማን እጅ ይገኛል?

3. አንድ ክፍል ተከራይቶ የሚኖር ቤተሰብ ኑሮው ትንሽ ቢሻሻል፥ ከዚያው ሰፈር ሳይወጣ የሚገባበት ቤት አለን? ከሌለ የሕንፃ ደንቡ፥ የመሬቱ ሥሪት ወይስ የብድሩ ነገር ነው የከለከለው?

4. በቅርብ ዓመታት ለልማት በተነሣ ሰፈር ይኖሩ የነበሩት ሰዎች ዛሬ የት ይገኛሉ? የተሰጣቸው ተስፋ በጽሑፍ ነበርን? ጽሑፉስ ተፈጽሞአልን?

እነዚህን አራት ጥያቄዎች ሹሙና የእድሩ ዳኛ አንድነት ተቀምጠው ሊመልሱ ከቻሉ፥ ስለ ቤት የሚደረገው ምክር ከትክክለኛው ስፍራ ተጀመረ ማለት ነው። መልሱን የሚያውቅ አንድ ሰው እንኳ ካልተገኘ ግን፥ ከግንባታው በፊት ቆጠራው ይቅደም።